ሪድሊን ለቀቅ፣ ካርታውን ጠበቅ

ሰሞኑን እዚህ አዴሌድ ባለን ሐበሾች ዘንድ አንድ ረዘም ያለ ጽሑፍ ከስልክ ወደ ስልክ ሲዞር ሰንብቷል። ስለ ሪድሊ ነው። ሪድሊ በደቡብ አውስትራሊያ ግዛት፣ ሙሬይ ማሊ በሚባለው ደረቅ የስንዴ አገር የነበረ የገጠር ምርጫ ክልል ነው። በ1938 ተፈጠረ፣ በ1970 ፈረሰ። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

ጽሑፉን ላላነበበ ሰው ክሱን ላሳጥረው። አንደኛ፣ ቶም ስቶት የተባለው የሪድሊ ተመራጭ በ1968 የሕዝቡን ድምፅ ረግጦ መንግሥትን ለተሸነፈው ወገን ሸጠ። ሁለተኛ፣ ይህን ያስቻለውን የምርጫ ካርታ (የክልሎቹን አከፋፈል) ለረጅም ዘመን የግዛቱ መሪ የነበረው ቶማስ ፕሌይፎርድ ሥልጣኑን ለማራዘም ራሱ ፈጠረው። ሦስተኛ፣ ገጠሬ መቼም ለወግ አጥባቂ እንጂ ለሌላ አይመርጥም። አራተኛ፣ የ1968ቱ ምርጫ ተሰርቋል። አምስተኛ፣ ሪድሊ ሲፈርስ ነገሩ ሁሉ መስመር ያዘ።

የጸሐፊው ቁጣ ይገባኛል። ብዙዎቻችን ምርጫ ሲባል ትዝ የሚለን ነገር ደስ የሚል አይደለም፤ ድምፁን የተነጠቀ ሰው ታሪክ ስንሰማ ሆዳችን ይባባል። ግን ቁጣው ያረፈበትን ቦታ ሳየው አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ሆነብኝ። አህያው ካርታው ነው። ስቶትና የሪድሊ ገበሬዎች ዳውላው ናቸው።

ከስቶት ልጀምር፤ የጽሑፉን ግማሽ የወሰደው እሱ ነውና።

መጀመሪያ የሆነውን እንይ። ማርች 2 ቀን 1968 በተደረገው የግዛት ምርጫ ሌበር ፓርቲ 52 በመቶ ድምፅ አገኘ። ወግ አጥባቂው ተቀናቃኙ ሊበራል ኤንድ ካንትሪ ሊግ 44 በመቶ ገደማ። ምክር ቤቱ 39 ወንበር ነበረው። ሲቆጠር ሌበር 19፣ ሊጉም 19። የቀረችው አንዲት ወንበር የሪድሊ ናት፤ የተቀመጠባትም የየትኛውም ፓርቲ አባል ያልሆነው ስቶት ነው። እሱ ድጋፉን ለሊጉ መሪ ለስቲል ሆል ሰጠ። የሌበሩ ፕሪሚየር (የግዛቱ መንግሥት መሪ) ዶን ደንስታን ምክር ቤቱ ተሰብስቦ እስኪወስን አልለቅም አለ። ከ10,000 በላይ ሰው ከተማው መሀል ላይት ስኩዌር ወጥቶ ተቃወመ። ኤፕሪል ላይ ምክር ቤቱ ሲሰበሰብ ስቶት አፈ ጉባኤ ሆነ፣ ደንስታን ወረደ፣ ሆል ተሾመ።

እስከዚህ ድረስ ጽሑፉ የሚለው ልክ ነው። «ሸጠ» የምትለዋ ላይ ነው የምንለያየው።

የሸጠ ሰው መጀመሪያ ያታልላል። ስቶት ማንን አታለለ? ሰውየው በ1968 ድንገት ከጨለማ የወጣ አይደለም። ምክር ቤት የገባው በ1933 ነው። ሪድሊ ከተፈጠረበት ከ1938 ጀምሮ ምርጫ በመጣ ቁጥር፣ በየሦስት ዓመቱ፣ አሥራ አንድ ጊዜ በተከታታይ አሸንፏል። ጽሑፉ ያላነሳው ትልቁ ነገር ደግሞ ይኸው ነው፦ በ1962ም ልክ ይህንኑ አድርጎ ነበር። ያኔ ሌበር ከግማሽ በላይ ድምፅ ይዞ 19 ወንበር አገኘ፣ ሊጉ 18። ሁለት የግል ተመራጮች መሀል ላይ ቀሩ። አንዱ ስቶት፣ ሌላው የቡራው ፐርሲ ኩዎርክ። ሁለቱም ከፕሌይፎርድ ጎን ቆሙ። ስቶት አፈ ጉባኤ ሆነ፣ ኩዎርክ ቆይቶ ሚኒስትር ሆነ፣ ኋላም ሊጉ ውስጥ ገባ።

እንግዲህ የሪድሊ ሰው ይህን አይቷል። አይቶ በ1965 ስቶትን መልሶ መረጠው። በ1968ም መረጠው። ሰውየው ሚዛኑ መሀል ላይ ሲቀር ወዴት እንደሚያዘነብል አገር ያውቅ ነበር። የማትወደውን ነገር በግልጽ ያደረገን ሰው መተቸት ይቻላል። አታለለ ማለት ግን አይቻልም።

አፈ ጉባኤነቱን በተመለከተ ለስቶት ጥብቅና አልቆምም። ሁለቴ መንግሥት ሰጠ፣ ሁለቴም ያቺን ወንበር ተቀበለ። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለውን አገሩ ባይሰማውም ትርጉሙ የገባው ይመስላል።

ግን ደግሞ ለምን ሰላሳ ሁለት ዓመት ሙሉ እሱን መረጡ? ጽሑፉ ይህን አንዴም አልጠየቀም። መልሱ ያለው አፈሩ ላይ ነው። ማሊ የእኛው ባሕር ዛፍ ዘመድ ነው፤ ድንክ፣ ከአንድ ሥር ብዙ ግንድ የሚያወጣ። ገበሬው እሱን መንጥሮ ስንዴ ዘራ። ዝናቡ ግን የሚታመን አይደለም። በ1930ዎቹ መጀመሪያ የዓለም ኢኮኖሚ ሲወድቅ የስንዴ ዋጋም አብሮ ተንኮታኮተ። ገበሬው ለዘር፣ ለማሽን፣ ለመሬት የተበደረውን መክፈል አቃተው። ስቶት ከዚያ መከራ የወጣ ሰው ነው። ራሱ ስንዴ አራሽ ነበር፤ የስንዴ አምራቾች ማኅበር ጸሐፊም ሆኖ ለዋጋ ዋስትና ሲከራከር የኖረ። ለማሊ ገበሬ ፓርቲ ማለት አዴሌድ የተቀመጡ ሰዎች ናቸው። ስቶት ማለት ግን የስንዴውን ዋጋ የሚያውቅ ሰው ነው።

የምርጫ ሕጉም ለእንደዚህ ዓይነት ሰው ይመቻል። እዚህ የመረጠ ሰው ያውቀዋል፣ ላልመረጠ ግን ላስረዳ። የትምህርት ቤት አዳራሽ ትገባለህ፤ ውጭ ወላጆች ሶሴጅ እየጠበሱ ይሸጣሉ። ስምህ ከመዝገብ ይሰረዝና አረንጓዴ ወረቀት ይሰጥሃል። ከካርቶን በተሠራች መከለያ ውስጥ እርሳስ አለ። አንድ ስም ላይ ምልክት አድርገህ አትወጣም። ከእያንዳንዱ ስም ጎን ቁጥር ትጽፋለህ፦ በጣም የምትፈልገው 1፣ ቀጥሎ 2፣ እያልክ እስከ መጨረሻው። የመጀመሪያ ምርጫህ ከውድድሩ ሲወጣ ድምፅህ ወደ ሁለተኛው ይሻገራል። ስለዚህ የግል ተወዳዳሪ ብመርጥ ድምፄ ይባክናል የሚል ስጋት የለም። ሊጉን የሚወድ ሌበርን የሚፈራ ገበሬ፣ ሌበርን የሚወድ ሊጉን የሚጠላ የባቡር ሠራተኛ፣ ሁለቱም ስቶትን 1 ወይም 2 ብለው ሊጽፉ ይችላሉ። በ1938፣ በዚህ አሠራርና በነጠላ ወንበር ክልል የመጀመሪያው ምርጫ ሲደረግ፣ ከምክር ቤቱ ከሢሶ በላይ የሆኑት ተመራጮች የፓርቲ ሰዎች አልነበሩም። አብዛኞቹ እየቆዩ ወደቁ ወይም ፓርቲ ውስጥ ገቡ። ስቶት ቀረ።

አንድ ነገር ልጨምርና ከእሱ እወጣለሁ። ሊጉን ሥልጣን ላይ ያወጣው ስቶት እንደሆነ ጽሑፉ ሦስት ጊዜ ይነግረናል። ያወረደውም እሱ እንደሆነ አንድም ጊዜ አይነግረንም። ነገሩ ውሃ ነው። ሙሬይ ወንዝ ላይ ቾዊላ የሚባል ግድብ ሊሠራ ታቅዶ ነበር፤ ሆልም ለዚሁ ግድብ ቃል ገብቶ ነው የተመረጠው። ከዚያ ጥናቱ ሲታይ ቾዊላ ሰፊና ጥልቀት የሌለው ሆነ። ፀሐይ ውሃውን ትጠጣዋለች፣ ጨውነቱም ይብሳል። ሆል ሐሳቡን ቀየረና ቪክቶሪያ ግዛት ውስጥ የሚሠራውን የዳርትማውዝ ግድብ ተቀበለ። ከስሌት አንጻር ልክ ነበር ብዬ አስባለሁ። ለስቶትና ለሙሬይ ሰዎች ግን ይህ ክህደት ነው። በ1970 ስቶት ከሌበር ጋር ቆሞ ድምፅ ሰጠ፤ የሆል መንግሥት ወደቀ፤ ሜይ 30 ምርጫ ተጠራ። የሚያስቀው፣ ደንስታንም ሥልጣን ከያዘ በኋላ ዞሮ ዞሮ ዳርትማውዝን ተቀበለ። ቾዊላ እስከ ዛሬ አልተሠራም።

የከተማ ሰው «ለአንድ ግድብ ብሎ መንግሥት ጣለ» ብሎ ይስቅ ይሆናል። አትሳቅ። ከ1955 ጀምሮ ሙሬይ ዳር ካለችው ከማነም ከተማ እስከ አዴሌድ የተዘረጋ ቧንቧ አለ። ዝናብ ባጠረ ዓመት እኛ ቤት ሻይ የምናፈላበት ውሃ በብዛት የሚመጣው ከዚያው ከሙሬይ ነው።

ወደ ሁለተኛው ክስ። ካርታውን ፕሌይፎርድ ፈጠረው?

አልፈጠረውም። ሰዎች «ፕሌይማንደር» ብለው በስሙ ስለሚጠሩት የሱ ልጅ ይመስላል። ሕጉ የወጣው በ1936 ነው። ፕሪሚየሩ ሪቻርድ ሌይተን በትለር ነበር። ፕሌይፎርድ ያኔ በ1933 የገባ ተራ ተመራጭ ነው፤ ኖርተን ሰሚት ላይ ቼሪ የሚያለማ ገበሬ። ሕጉ 46 የነበረውን ወንበር ወደ 39 ቀነሰ፤ 26ቱን ለገጠር፣ 13ቱን ለአዴሌድ አደለ። ፕሌይፎርድ ፕሪሚየር የሆነው በኖቬምበር 1938፣ በትለር ለፌዴራል ምክር ቤት ልወዳደር ብሎ ሲለቅ ነው። (በትለር ያንን ውድድርም ተሸነፈ። ሁለቱንም አጣ ማለት ነው።)

ይህን ስል ፕሌይፎርድን ነፃ እያወጣሁት አይደለም። 26 ዓመት ከምናምን ፕሪሚየር ሆኖ ኖረ። ካርታው እንደሚጠቅመው ያውቃል። በ1944፣ በ1953፣ በ1962 አብዛኛው ድምፅ ለሌበር ሄዶ መንግሥቱ ለሱ ቀረ። አንዴ እንኳ «ይሄ ነገር ልክ አይደለም» ብሎ አላስተካከለውም። ያልፈጠረውን ነገር አቅፎ ኖረ። ጸሐፊው እንዲህ ቢሉ ኖሮ እጄን አውጥቼ እስማማ ነበር።

እዚህ ላይ ጽሑፉ ሙሉ በሙሉ የዘለለው አንድ ግድግዳ አለ፦ የላይኛው ምክር ቤት፣ ሌጂስሌቲቭ ካውንስል። ለዚያ ቤት ለመምረጥ ንብረት ወይም የተወሰነ ደረጃ ያስፈልግ ነበር፤ ይህ የተነሳው በ1970ዎቹ ነው። ከ20 ወንበሩ 16ቱ የሊጉ፣ 4ቱ የሌበር ሆኖ ለዓመታት ቆመ። ሌበር በ1965 በመጨረሻ አሸንፎ መንግሥት ሲይዝ ካርታውን ሊቀይር ሞከረ። ካውንስሉ አላሳልፍም አለ። እንግዲህ ስቶትን ከሥፍራው ብታነሱት እንኳ ያ ግድግዳ እዚያው አለ። የሪድሊ ገበሬ እሱን አልሠራውም።

ሦስተኛው ክስ የሚያናድደኝ ነው። ገጠሬ መቼም ለወግ አጥባቂ ነው የሚመርጠው፣ ስለማያውቅ።

በመጀመሪያ «ስለማያውቅ» የሚለውን እንተወው። እኛ የገጠር ልጆች የሆንን ሰዎች ይህን ስንጽፍ ትንሽ ልናፍር ይገባል። ወደ ቁጥሩ እንሂድ። ጽሑፉ የግፉ ማሳያ አድርጎ የሚጠቅሰው ፍሮምን ነው። በ1968 በገጠሩ ፍሮም የተሰጠው ትክክለኛ ድምፅ 4,500 ገደማ ነበር። በከተማው ኤንፊልድ 42,000 ገደማ። ሁለቱም አንድ አንድ ሰው ላኩ። የአንድ የፍሮም ሰው ድምፅ ከዘጠኝ የኤንፊልድ ሰዎች ድምፅ ይበልጥ ነበር ማለት ነው። ጉድ ነው። ጽሑፉ ልክ ብሏል።

ያላለው ምንድን ነው? ፍሮም የሌበር ወንበር እንደነበረች። ያውም ተራ ወንበር አይደለችም። ከ1949 እስከ 1960 የሌበር መሪ ሆኖ ፕሌይፎርድን የተፋለመው ሚክ ኦሃሎራን ከ1938 እስከ 1960 ድረስ የተቀመጠው ፍሮም ላይ ነው። ከሱ በኋላም ሌበር ያዛት። የግፈኛው ካርታ ትንሿ ክልል የተበዳዩ ፓርቲ ቤት ነበረች።

ፍሮም ብቻዋን አይደለችም። የወደብና የማዕድን ከተሞቹን እዩ። ዋያላ፣ ፖርት ፒሪ። በካርታው ገጠር ናቸው፤ ኑሯቸው ግን ብረት ማቅለጥና መርከብ መሥራት ነው። ለሌበር ነበር የሚመርጡት። ከዚህ ሁሉ የሚገርመው ደግሞ ፕሌይፎርድ ራሱ ነው። ወግ አጥባቂ ተብሎ የግል መብራት ኃይል ኩባንያውን በ1946 ወርሶ የመንግሥት አደረገ። በቤቶች ድርጅቱ በኩል ለሠራተኛ ቤት አሠራ። ፋብሪካ እየለመነ አመጣ። ፋብሪካ ሠራተኛ ያመጣል፤ ሠራተኛ ሌበርን ይመርጣል። ሊጉን በ1965 ከሥልጣን ካወረዱት ነገሮች አንዱ የራሱ የፕሌይፎርድ ልማት ነው።

ታዲያ ሌበር ለምን ተበደለ? በስሌቱ። በ1960ዎቹ ከግዛቱ ሕዝብ ሁለት ሦስተኛ ገደማ አዴሌድ ውስጥ ነበር። ለዚያ ሁለት ሦስተኛ ሕዝብ የተሰጠው አንድ ሦስተኛ ወንበር ነው። ለቀሪው አንድ ሦስተኛ ሕዝብ ሁለት ሦስተኛ ወንበር። በአማካይ አንድ የከተማ ወንበር የአንድን የገጠር ወንበር አራት እጥፍ ሰው ተሸከመ። ሌበር ድምፁ የተከመረው ከተማ ውስጥ ነው። ኤንፊልድ ላይ በአንድ ድምፅ ብታሸንፍም በሃያ ሺህ ብታሸንፍም የምታገኘው አንድ ወንበር ነው። ሃያ ሺህ ሰው ተሰልፎ፣ ቁጥር ጽፎ፣ ድምፁ የትም አልሄደም።

ገጠሩን ማክበድ የራሱ ክርክር ነበረው። እሱም በቅን ልብ ይሰማ። የማሊ ተመራጭ መራጩን ለማየት ቀኑን ሙሉ በአቧራ መንገድ ይነዳል፤ የኤንፊልዱ በእግሩ ይጨርሰዋል። የግዛቱ ሀብት ከስንዴና ከበግ ፀጉር ነው የመጣው። ከተማው ካበጠ ገጠሩ ይረሳል። እነዚህን ሦስቱን ነገሮች የማይረዳ ሰው ገጠር ኖሮ አያውቅም። ግን መንገዱ ረጅም ከሆነ ለተመራጩ መኪናና ሁለተኛ ቢሮ ስጠው። ድምፅ በኪሎሜትር አይሰፈርም።

እዚህ ላይ ከጸሐፊው ጋር አንድ ነን። የምንለያየው ጥፋተኛው ማን እንደሆነ ላይ ነው። የ1968ቱን ውጤት እንኳ ብታዩ፣ መንግሥቱ የጠፋው ሪድሊ ላይ አልነበረም። በዚያ ምርጫ ሌበር ያጣቸው ሁለት ወንበሮች ሙሬይና ቻፊ ናቸው። ሁለቱም እዚያው ወንዝ አካባቢ። ሙሬይን ያጣት በጣት በሚቆጠር ድምፅ ነው ማለት ይቻላል። እሷን ይዟት ቢሆን 20 ወንበር ነበረው፤ ስቶት ወዴትም ቢያዘነብል ለውጥ አልነበረም። ነገር ግን 52 በመቶ ድምፅ ያገኘ ፓርቲ ዕጣው በአንዲት የገጠር ወንበር ጥቂት ድምፆች ላይ ከተንጠለጠለ ችግሩ የጥቂቶቹ መራጮች አይደለም።

አራተኛውን ክስ በፍጥነት ልለፈው። ምርጫው ተሰርቋል ይላል ጽሑፉ፤ ኮሮጆ እንደተገለበጠ በሚያስመስል አነጋገር። አልተሰረቀም። ደቡብ አውስትራሊያ ሚስጥራዊ ድምፅ አሰጣጥን በ1856 የጀመረች ናት። ሴቶች እንዲመርጡም እንዲመረጡም የፈቀደችው በ1894 ነው። (ሴት ምክር ቤት የገባችው ግን በ1959 ነው። ይህም ሌላ ጉድ ነው።) በዚያው በ1968 ሚሊሴንት በምትባል ክልል የሌበሩ ዴስ ኮርኮራን በአንድ ድምፅ አሸነፈ። በአንድ! ነገሩ ወደ ምርጫ ፍርድ ቤት ሄደ፣ ምርጫው እንዲደገም ተወሰነ፣ ጁን ላይ ተደገመ፣ ኮርኮራንም በደህና ልዩነት አሸነፈ። አንዲት ድምፅ ፍርድ ቤት የምታስኬድበት አገር ቆጠራው ላይ አልተኛም። እያንዳንዱ ወረቀት በሐቅ ተቆጠረ፤ በሐቅ ተቆጥሮ የተዛባ ውጤት ሰጠ። ሌባ ብትፈልግ አታገኝም። ጸሐፊው ይህን ቢያዩት ኖሮ ክሳቸው ይበልጥ ይከብድ ነበር ብዬ አምናለሁ፤ ምክንያቱም ሌባ ይታሰራል፣ ሕጋዊ የሆነ ዝንፈት ግን ማሰሪያ የለውም።

አምስተኛው፦ ሪድሊ ሲፈርስ ሁሉም መስመር ያዘ።

ሪድሊን ያፈረሰው ማን ነው? ጽሑፉ ደንስታን እንደሆነ ያስመስላል። ሆል ነው። ራሱ የስንዴ ገበሬ፣ ራሱ የገጠር ተመራጭ፣ በዚያው ካርታ ሥልጣን የያዘው ስቲል ሆል። ባነሰ ድምፅ መንግሥት መሆኑ ከነከነው። በራሱ ፓርቲ ውስጥ ያሉትን የገጠር ሰዎች እያስቆጣ አዲስ ሕግ አወጣ፦ 47 ወንበር፣ 28ቱ የከተማ፣ 19ኙ የገጠር። በዚህ ካርታ ምርጫ ቢደረግ እንደሚሸነፍ ልጅም ያውቃል። በ1970 ተደረገ፣ ሌበር 27፣ ሊጉ 20። ስቶትም ያን ጊዜ ጡረታ ወጣ። የራሱን ሥልጣን የሚያሳጣውን ሕግ እያወቀ የሚያወጣ ፖለቲከኛ በዓለም ላይ ስንት አለ? ስሙ በጽሑፉ ውስጥ «የስቶት አሻንጉሊት» ተብሎ ብቻ ነው የገባው። ይህ ቢታረም ደስ ይለኛል።

የ1970ው ካርታም ቢሆን ገጠሩን ትንሽ ያከብደው ነበር። የሁሉም ድምፅ እኩል ይሁን የሚለው ሕግ የመጣው በ1975፣ በደንስታን ዘመን ነው። እዚህም ላይ ታሪኩ አላለቀም፤ ጸሐፊው ግን እዚህ ብዕራቸውን አስቀምጠዋል። ክልሎቹ በሰው ብዛት እኩል ሆኑ። ከዚያስ? በ1989 ሊበራሎች (የሊጉ ወራሾች)፣ የቁጥር ቅደም ተከተሉ ተከፋፍሎ ሁለቱ ፓርቲዎች ብቻ ሲቀሩ፣ 52 በመቶ አገኙ። መንግሥት የሆነው ሌበር ነው። ሰው ተናደደ፣ በ1991 ሕዝበ ውሳኔ ተደርጎ ካርታው ሲሠራ ብዙ ድምፅ ያገኘ ወገን መንግሥት መሆን እንዲችል ታስቦ ይሠመር ተባለ። ከዚያ በኋላም በ2002 ሊበራል ከግማሽ በላይ አገኘ፣ ሌበር መንግሥት ሆነ። በ2010 ሌበር 48.4 በመቶ ይዞ መንግሥት ሆነ። በ2014 ደግሞ 47 በመቶ ይዞ።

ምክንያቱ ግልጽ ነው። በእነዚህ ምርጫዎች ድምፁ በአንድ ሥፍራ የተከመረበት ሊበራል ነው፤ ገጠር ላይ በሰፊ ልዩነት እያሸነፈ ድምፁን እዚያ ጨረሰ። ክልሎቹ እኩል ቢሆኑም አንድ ክልል አንድ ሰው ብቻ እስከላከ ድረስ የተከመረ ድምፅ ይባክናል። የ1936ቱ ሕግ ይህን ተፈጥሯዊ ዝንፈት በአራት አባዛው እንጂ ከባዶ አልጀመረውም።

ሪድሊ የሚለው ስምም ለዘለዓለም አልሞተም። በ1993 ተመልሶ እዚያው ሙሬይ አካባቢ የአንድ ክልል ስም ሆነ፣ በ1997 እንደገና ቀረና ሃሞንድ ተባለ። የሁለቱም ተመራጭ ፒተር ልዊስ ነበር። ሊበራል የነበረ፣ ኋላ ፓርቲው ያባረረው ሰው። በ2002 ማንም ግልጽ አብላጫ ሲያጣ በዚያች የገጠር ወንበር ላይ ብቻውን ቀረ። ልክ እንደ ስቶት። ድጋፉን ሰጠ፣ አፈ ጉባኤም ሆነ። ልክ እንደ ስቶት። የሰጠው ግን ለሌበሩ ማይክ ራን ነው።

በ2014ም እንዲሁ። ሌበር 23፣ ሊበራል 22፣ ሁለት የግል ተመራጮች። ከሁለቱ አንዱ ጄፍ ብሮክ ሌበርን መርጦ 24ኛዋን ወንበር ሰጠ፤ እሱም ሚኒስትር ሆነ። የተመረጠበት ክልል የት ነው ብትሉ ፍሮም ነው። ድንበሩ ቢቀያየርም ያው የፍሮም ስም፣ ጸሐፊው ለግፉ ማሳያ ያደረጉት። 53 በመቶው መራጭ ሌላውን ወገን መርጦ ነበር። ለስቶት ያወጡትን ስም ለብሮክም ያወጡለት እንደሆነ በሚቀጥለው ጽሑፋቸው ይንገሩን።